ከመልሱ በኋላ ይነገረው

ሊካሳን የሚያውቅ ሰው በሁለት ሥራው ነው የሚያውቀው። ቀን ቀን አዲስ አበባ፣ ቡልጋሪያ ሰፈር፣ ከሚኒባሶቹ መቆሚያ ገባ ብሎ፣ አንዲት ቆርቆሮ ቤት ውስጥ ጎሚስታ ነው፤ ጎማ ይፈታል፣ ይለጥፋል፣ ንፋስ ይሞላል። ሰው ሲሞት ደግሞ መርዶ የሚናገረው እሱ ነው። ለመጀመሪያው ሥራ ንግድ ፈቃድ አውጥቶበታል። ለሁለተኛው ማንም አልሾመውም፤ ዝም ብሎ እሱ ላይ ቀረ።

የቀረበት እንዲህ ነው። የሚኖርበት ካዛንቺስ ሰፈር ሳይፈርስ በፊት፣ የእድሩ ሰዎች ጎህ ሲቀድ የሟች ዘመድ በር ላይ ተሰብስበው ማን ይናገር በሚለው ይገፋፉ ነበር። አንዱ ጉሮሮውን ይጠራርጋል። አንዱ "ትንሽ አሟቸው ነበር" ብሎ ይጀምርና ሳይጨርስ ራሱ ያለቅሳል። በሩን የከፈተው ሰው ቆሞ ፊታቸውን ያነባል። አንድ ጠዋት ሊካሳ ከኋላ ሆኖ ቢያይ ነገሩ ሊያልቅ አልቻለም። ወደፊት አለፈና "አባትሽ ትላንት ሞተዋል። ቀብሩ ዛሬ ስድስት ሰዓት ነው። አብረንሽ እንሄዳለን" አላት ልጅቷን። አለቀ። እሷም አለቀሰች፣ ሰዉም አለቀሰ፣ የሚሄደው ሄደ። ከዚያ ወዲህ "ሊካሳ ይምጣ" ሆነ።

በጎማም እንዲሁ ነው። "ይሄ አልቋል። ብለጥፍልህ እስከ ሳሪስ አያደርስህም" ይላል፣ ጎማውን በእግሩ ገፋ አድርጎ። ሾፌሩ ይሳደባል፣ ሌላ ጋ ሄዶ ያስለጥፋል፤ ብዙም ሳይቆይ ቸርኬውን በትከሻው ተሸክሞ ይመለሳል። ሊካሳ "አላልኩህም?" አይልም። ክሪኩን ያነሳና ይሄዳል።

የተወለደው ጊንጪ ነው። አዲስ አበባ የመጣው ጢም ሳያበቅል ነው፤ ከዚያ ወዲህ እጁ ከጎማ አልወጣም። ሚስቱ ሀዊ ከሞተች ቆይቷል። ስትሞት እጇን ይዞ አጠገቧ ተቀምጦ ስለነበር ለእሱ መርዶ የነገረው ሰው የለም። ስንት በር ላይ ቆሞ የተናገረው ነገር ከወዲያኛው በኩል ሲሰማ ምን እንደሚመስል አያውቅም።

ኃይለገብርኤል ከግድግዳው ወዲያ ነው። የመኪና ወንበር ልብስ ይሰፋል። ሁለቱን ክፍሎች የሚለያቸው አንድ ቆርቆሮ ስለሆነ የስፌት መኪናው ሲዞር የሊካሳ መፍቻዎች ሚስማራቸው ላይ ይንቀጠቀጣሉ። ካዛንቺስ ጎረቤትም ነበሩ፤ ሰፈሩ ፈርሶ ሰዉ ገላንና አራብሳ ሲበተን ኃይለገብርኤል ቂርቆስ ቤተክርስቲያን ጀርባ ተከራየ፣ ሊካሳ ከሱቁ ኋላ ያለችውን ክፍል ያዘ። አንዱ ሲያወራ አንዱ ዝም ይላል። ወሬኛው ኃይለገብርኤል ነው።

ከጥቂት ዓመታት በፊት የኃይለገብርኤል እናት ደብረ ብርሃን ሞቱ። እሱ በዚያን ጊዜ እግሩ ተሰብሮ፣ በብረት ታስሮ አልጋ ላይ ነበር። የሻረግ፣ ሚስቱ፣ "እስኪነሳ አይነገረው" አለች፤ ሰፈሩም ተስማማ። ሊጠይቀው የሚመጣው ሁሉ "እናትህ ሰላም ብለውሃል" እያለ ተቀመጠ። ሰላምታው ደስ አሰኝቶት ለእናቱ የሱፍ ሻርፕ አስገዛ፤ አንድ ጎረቤት "ወደዚያ የሚሄድ ሰው አለኝ" ብሎ ተቀበለው። ከተነገረው በኋላ፣ በምርኩዝ ያ ጎረቤት ቤት ቡና ሊጠጣ ሄዶ፣ ሻርፑን ከነፌስታሉ ቁምሳጥን ላይ አየው።

ያን ዕለት ሱቁ ገብቶ የስፌት መኪናውን ሳይከፍት ተቀመጠ። ከዚያ በቆርቆሮው በኩል ተጣራ።

"ሊካሳ።"

"አቤት።"

"ለኔ መርዶ ሲኖር ሰው አትሰብስብ። በሰማህበት ሰዓት ንገረኝ። ሽንት ቤትም ልሁን፣ ቤተክርስቲያንም ልሁን። አንተ ንገረኝ።"

"እነግርሃለሁ።"

የስፌት መኪናው መዞር ጀመረ።

ጥር ላይ የኃይለገብርኤል ልጅ ሶልያና ልታገባ ሆነ። እሁድ ሰርጉ፣ ሰኞ መልሱ። አርብ ከምሳ በፊት ሊካሳ አንድ የሚኒባስ ጎማ እያጠበቀ ሳለ ስልኩ ጮኸ።

"ጋሽ ሊካሳ? ከደብረ ብርሃን ነው። የወዳጆ ሚስት ወንድም ነኝ።"

ወዳጆ የኃይለገብርኤል ታናሽ ወንድም ነው፤ ደብረ ብርሃን ወፍጮ ቤት አለው።

"ኃይለገብርኤል አጠገብህ ነው?"

"ከግድግዳው ወዲያ።"

"ትንሽ ራቅ በልልኝ።"

ሊካሳ ተነስቶ በሚኒባሶቹ መሃል አለፈ። ረዳቶቹ "ሳሪስ፣ ሳሪስ፣ አቦ፣ ሳሪስ!" ይላሉ። ገና ሲራመድ ገብቶታል። እንዲህ ያለ ነገር ለባለቤቱ አይደወልም፤ ለወዳጁ ነው የሚደወለው።

"ዛሬ ጠዋት ወፍጮው ስር ወደቀ። ሐኪም ቤት ሳይደርስ አለፈ።"

"ቀብሩ መቼ ነው?"

"ነገ ዘጠኝ ሰዓት። ሰርጉን እናውቃለን፤ ምን እናድርግ። እናንተ እንደሚሆን አድርጉት፣ በቃ።"

ሊካሳ ተመልሶ የቀሩትን ብሎኖች አጠበቀ። አንዱንም ሳይዘል፣ እንደ ደንቡ፣ ከትይዩ ወደ ትይዩ። ውስጡ የሆነ ነገር ይነሳል ብሎ ጠበቀ፤ የተነሳ ነገር የለም።

ኃይለገብርኤል ሜትሩን አንገቱ ላይ አጥልቆ ብቅ አለ።

"ማን ናት?"

ሊካሳ ክሪኩን ዝቅ አደረገ።

"ሰውዬው! ሚኒባስ ጀርባ ተደብቀህ የምታወራት ማን ናት? ሰርግ ላይ ይዘሃት ና፣ እኔ አላማህም።" ሾፌሩ ሳቀ። "አየኸው ይሄን ዲዳ?" አለው ኃይለገብርኤል ሾፌሩን። "እሁድ ካልጨፈረ ይሄን ክሪክ ወርሼ ነው የምሸኘው። ለምስክርነት አንተንም ጠርቼሃለሁ።"

ሊካሳ እጁን በጨርቅ ጠርጎ ወደ ባምቢስ ሰፈር ሄደ።

የእድሩ ዳኛ ጋሽ መሐመድአሚን ባምቢስ የቧንቧ ዕቃ ይሸጣሉ። ሊካሳ ሲነግራቸው የሻረግን አስጠሩ። የሻረግ ከገበያ ነበር የመጣችው፤ ፌስታሎቿን መሬት አስቀምጣ የሽንት ቤት መቀመጫ ካርቶን ላይ ተቀመጠች። አላለቀሰችም። ለማልቀስ የሚሆን ጊዜ እንደሌላት ሁሉ ፊቷ ላይ የሚታየው ሒሳብ ነበር፤ ምን ይቀድማል፣ ምን ይቆያል።

"ከመልሱ በኋላ ይነገረው" አለች። "ማክሰኞ ጠዋት።"

"ቀብሩ ነገ ነው" አለ ሊካሳ።

"ሰምቻለሁ።"

"ወንድሙ ነው፣ የሻረግ።"

"እሷስ ልጁ አይደለችም? የሙሽራው ቤተሰብ ከሐዋሳ ተነስቷል። ድግሱ ደርሷል። ዛሬ ቢሰማ ሰርጉ የለም ማለት ነው። ሶልያና ዕድሜ ልኳን 'ሰርጓ በለቅሶ የፈረሰው' ትባል? ወዳጆ ራሱ ቢጠየቅ ምን የሚል ይመስልሃል?"

"ወዳጆ አይጠየቅም።"

ጋሽ መሐመድአሚን መነጽራቸውን አወለቁ። "በኛ በኩል ሬሳም አይቆይም፣ ወሬውም አይቆይም" አሉ። "ግን ሰርጉ የኔ አይደለም። እናቲቱ ካለች አለች ነው።"

"እኔ ቃል አለብኝ" አለ ሊካሳ። ቃሉን ነገራቸው።

የሻረግ አንዱን ፌስታል ወደ እግሯ ሳበች። "የናቱን ጊዜ የደበቅኩት እኔ ነኝ" አለች። "ይሄንንም በኔ ጨምረው። ይቆጣኛል፣ ይጮህብኛል፣ ወር ያኮርፋል፣ ይወጣለታል። ሰው እንዲህ ሲሆን የሚቆጣው ሰው ይፈልጋል። እኔ አለሁለት። አንተ ምን ቸገረህ?"

"አልዋሽም። ከጠየቀኝ እነግረዋለሁ።"

"እንዳይጠይቅህ አድርግ" አሉ ጋሽ መሐመድአሚን።

ቅዳሜ ጠዋት ሊካሳና ኃይለገብርኤል በሊካሳ አሮጌ ፒክአፕ ወንበር ሊያመጡ ወጡ። ካዛንቺስ ከፈረሰ ወዲህ የእድሩ ዕቃ ስታዲየም ጀርባ አንድ አባል ግቢ ውስጥ ነው የሚቀመጠው። ድንኳኑ አርብ ማታ ተወስዶ ተተክሏል፤ የቀረው ወንበሩ ነው። ሊካሳ ከመነሳቱ በፊት ነዳጅ ሞልቶ ነበር። ለምን እንደሞላ ራሱን አልጠየቀም።

ኃይለገብርኤል መንገዱን ሙሉ ስልክ ይደውላል። ለድምፅ ማጉያው ሰውዬ፣ ለዳቦ ቤቱ፣ ለሱፍ አከራዩ።

"ወዳጆ እኮ ስልኩ ዝግ ነው" አለ በመሃል። "ትላንት መጥቶ ማደር ነበረበት። የሻረግ መንገድ ላይ ይሆናል ትላለች። ጋሽ መሐመድአሚን ኔትወርክ ነው ይላሉ። ደብረ ብርሃን ኔትወርክ ጠፍቶ ያውቃል እንዴ?"

እየጠየቀ አልነበረም፤ እያወራ ነበር። ሊካሳ ፊት ለፊቱን አየ።

ስታዲየም ጋ መንገዱ ተዘጋጋ። የኃይለገብርኤል ስልክ ጮኸ። ገብረመስቀል ነው፤ የድሮ የካዛንቺስ ጎረቤት፣ አሁን አራብሳ ነው የሚኖረው። ኃይለገብርኤል እየሰማ ፊቱ ፈታ አለ። "ነው እንዴ? ... ኸረ ተመስገን! ... በል በል፣ ነገ በጊዜ ና፣ ሚስትህን ይዘህ" ብሎ ዘጋ።

"ገብረመስቀል አግኝቶታል" አለ። "ትላንት ማታ ደውሎለት ነበር። ነገ በጠዋት እገባለሁ፣ ለጋሼ ሰላም በልልኝ አለ አለኝ። ይሄ ወፍጮ ፈጪ! ልቤን አቆመው እኮ።"

ሊካሳ ሰዓቱን አየ። ገና ረፋድ ነው። መገናኛ ቢጨናነቅም ለቀብሩ ይደረሳል።

"ኃይሌ።"

"ወዬ።"

"ወዳጆ ትላንት ጠዋት ሞቷል። ወፍጮ ቤቱ ውስጥ ወደቀ። ቀብሩ ዛሬ ዘጠኝ ሰዓት ነው። አሁን ከዞርን እንደርሳለን፤ ነዳጅ አለኝ።"

ኃይለገብርኤል ስልኩን እንደያዘ ቀረ። አንዲት ማልያ የምትሸጥ ሴት በመስኮቱ በኩል አረንጓዴ ማልያ ዘርግታ "አባት፣ ለልጅ ልስጥዎት?" አለችው። "አይ፣ እግዜር ይስጥልኝ፣ አልፈልግም" አላት በትሕትና። እስክታልፍ ድረስ በዓይኑ ሸኛት።

"የሻረግ ታውቃለች?"

"ታውቃለች።"

"ሶልያናስ?"

"አታውቅም።"

"ሌላስ?"

"ሌላው ያውቃል።"

"ገብረመስቀልም?"

"ያውቃል።"

"ሰላም ብሎሃል አለኝ እኮ" አለ ኃይለገብርኤል። ድምፁ ላይ ቁጣ የለበትም። የዕቃ ስም እንደሚጠራ ሰው ነው ያለው።

ከፊታቸው ያለው አውቶቡስ ትንሽ ተንቀሳቅሶ ቆመ።

"ለምን ነገርከኝ?"

"ንገረኝ ብለኸኛል።"

"ብያለሁ።" እጁን ጉልበቱ ላይ አሳረፈ። "ያኔ እኮ ሰርግ አልነበረብኝም።"

እውነት ነው፤ አልነበረበትም።

"ብሄድ ቀብሬው ማታ እመለሳለሁ" አለ ኃይለገብርኤል። "ከዚያስ? ነገ በዚህ ፊት ልጄን ልድር? ሳያዩኝ አይቀሩም። ሰርጉ ይበተናል። ባልሄድ ደግሞ..." አልጨረሰውም። ትራፊኩ ፊሽካውን ነፋ፣ እጁን አወናጨፈ። ከኋላ ጡሩንባ ተነፋ።

"በመስቀል አደባባይ ወደ ደብረ ብርሃን ልያዝ፣ ወይስ ለወንበሩ ልታጠፍ?"

ኃይለገብርኤል ስልኩን ኪሱ ውስጥ ከተተ።

"ኃይሌ፣ መንገድ ዘግቻለሁ።"

"ወንበሮቹን እንጫን" አለ።

ጫኑ። የፕላስቲክ ወንበር እየተደራረበ ሲጫን ያንሸራትታል፤ ኃይለገብርኤል ገመዱን ራሱ አሰረው፣ በደንብ፣ ሁለቴ ዞሮ እየፈተሸ። ሲጨርስ የመኪናውን በር ይዞ ቆመ።

"እኔ አልሰማሁም።"

"እንዴት?"

"አልሰማሁም ማለት ነው። ለየሻረግም፣ ለማንም። ማክሰኞ መጥተው ይነግሩኛል፣ ያኔ እሰማለሁ።"

"ከጠየቁኝ ግን..."

"እንዳይጠይቁህ አድርግ።"

ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን ድንኳኑ ውስጥ ወንበር እየደረደሩ ነበር። ኃይለገብርኤል አንዴ ቀና ብሎ ሰዓቱን አየ፤ ከዚያ የሚቀጥለውን ወንበር ከድርድሩ ላይ አነሳ።

እሁድ ሰርጉ አማረ። የሐዋሳዎቹ ደስ የሚሉ ሰዎች ናቸው፤ ፋኑኤል፣ ሙሽራው፣ ጉልበት ሲስም ከልቡ ነው። የእድሩ ሰዎች ከገላኑም ከአራብሳውም በሙሉ መጡ። ኃይለገብርኤልን ሲስሙ ትንሽ ጠበቅ አድርገው ይይዙታል፣ ትንሽ ያቆዩታል። እሱ ለምን እንደሆነ ያውቃል። እነሱ የሚያውቅ አይመስላቸውም። "እንኳን ደስ ያለህ" ይሉታል፣ "እንኳን አብሮ ደስ አለን" ይላል።

ጨፈረ። ሊካሳ ከጥግ ሆኖ አየው፤ ትከሻው በደንቡ ይወርዳል፣ ይነሳል። ሥራውን የሚያውቅ ሰው ስፌት ነው የሚመስለው፤ አንድም ቦታ አላበላሸም።

ሶልያና ቬሎዋን ሰብስባ ወደ አባቷ መጣች። "አባ፣ አጎቴስ? ፎቶ ልንነሳ እኮ ነው።"

"መኪናው ተበላሽቶበታል፣ ልጄ። ሸኖ ላይ። ጎማ ነው መሰለኝ።"

"ታዲያ ጋሽ ሊካሳን ጎሚስታውን አትልከውም?" ብላ ሳቀች።

"ልላከው እንዴ?" አለ ኃይለገብርኤል፣ ወደ ሊካሳ ዞሮ። ሳቁ ፊቱ ላይ እንዳለ ነበር። ሊካሳ ጠርሙሱን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠና ወጣ። ውጪ፣ ድንኳኑ ጀርባ፣ ስለ ሞት ሳይዋሽ የኖረ ሰው አንድ እውነት ተናግሮ ወዳጁን ውሸታም ማድረጉን አሰበ። ሊያዝን ሞከረ። የመጣለት ነገር የድንኳኑ ገመድ አንዱ ካስማ ላይ ላልቶ መሆኑ ብቻ ነው። አጠበቀው።

ሰኞ ማታ መልሱ አልቆ ወጣቶቹ ድንኳኑን ሊነቅሉ መጡ። ጋሽ መሐመድአሚን "ይቆይ" አሏቸው። የወረቀት አበባው፣ መብራቱ፣ የሙሽሮቹ ስም የተጻፈበት ጨርቅ ተነሳ፤ ድንኳኑ ባዶውን ቆመ። ወንበሮቹም ቀሩ። ኃይለገብርኤል በረንዳው ላይ ቆሞ ያየዋል። ሰርግ ያለቀበት ቤት ድንኳን አይቆይም፤ ይህን ልጅም ያውቃል። ሆኖም አልጠየቀም። "በሉ ደህና እደሩ፣ ደክማችኋል" አላቸው።

ማክሰኞ ጎህ ሲቀድ ሰዉ በር ላይ ተሰበሰበ። ሴቶቹ ነጠላቸውን ዘቅዝቀው፣ ወንዶቹ እጃቸውን ጋቢ ውስጥ ከተው። ለሰርግ የመጣው የሩቅ ሰው ሳይመለስ እዚያው አድሯል። ከድሮ ጎረቤቶች ገብረመስቀል አለ፣ አዚዛ አለች፣ የረውዳ እናት አለች። ጋሽ መሐመድአሚን ሊካሳን በዓይናቸው ወደፊት ጠሩት።

"ዛሬ ሌላ ሰው ይናገር" አለ ሊካሳ።

ሽማግሌው ጠጋ ብለው አዩት። ባምቢስ ሱቃቸው ውስጥ የተነጋገሩትን አልረሱም።

"ነግረኸዋል።"

"አዎ።"

"መቼ?"

"ቅዳሜ።"

"ቀብር ሳይደርስ?"

"ሳይደርስ።"

ጋሽ መሐመድአሚን ወደ በሩ አዩ፣ ወደ ሰዉም አዩ። "ያ አላህ" አሉ ቀስ ብለው። "እንግዲያው ከኋላ ቁም።"

ሊካሳ ከኋላ ቆመ። የተናገረው ገብረመስቀል ነው። "ኃይሌ... ወዳጆ ትንሽ አሞት ነበር..." ብሎ ጀመረ፤ ከዚያ በላይ አልሄደም፣ አለቀሰ። የሻረግ እዬዬ አለች። ከአርብ ጀምሮ አፍና የያዘችው ለቅሶ ነበር፤ መሬት ጣላት። ከመልሱ በኋላ እዚያው ያደረችው ሶልያና በሌሊት ልብሷ ወጥታ ጮኸች። ኃይለገብርኤል ጋቢውን ፊቱ ላይ ጎትቶ ትከሻውን አርገበገበ። ትከሻው በደንቡ ወረደ፣ ተነሳ። ከጋቢው ስር ፊቱ ምን እንደነበር ያየ ሰው የለም።

ለቅሶው እንደ ማንኛውም ለቅሶ ሄደ። ሰው መጣ፣ ተቀመጠ፣ ንፍሮ ዘገነ። የሻረግ እስኪቆጣት ጠበቀች። አልተቆጣትም። ያኔ በእናቱ ጊዜ ሳህን ሰብሮባት ነበር፤ አሁን "ምን ታደርጊ፣ ሰርግ ነበረብሽ" አላት። እሷ ይሄ አስፈራት፤ ለአዚዛም "አላማረኝም፣ ኃይሌ እንዲህ አይደለም" አለቻት።

ሱቅ ሲመለስ የስፌት መኪናው እንደ ወትሮው ዞረ። በቆርቆሮው በኩል ግን የሚጣራ የለም። ምሳ አብረው ይበላሉ። ኃይለገብርኤል ሊካሳን አልሸሸውም፣ አልወቀሰውምም። ወሬ አለቀበት እንጂ። ጋሽ መሐመድአሚን ደግሞ ለማንም ትንፍሽ አላሉም፤ ብቻ ቀጥሎ ሰው ሲሞት ሊካሳን ሳይሆን ገብረመስቀልን ከአራብሳ አስጠሩ።

ሁዳዴ ገብቶ፣ የወዳጆ አርባ ደረሰ። ሊካሳ ነዳ። ኃይለገብርኤል ከጎኑ፣ የሻረግ ከኋላ። ወርቅያንጥፉ፣ የወዳጆ ሚስት፣ ከመቃብሩ አጠገብ ተቀበለቻቸው። ሴትየዋ ከስታለች። የኃይለገብርኤልን ጉልበት ልትስም ጎንበስ ስትል አነሳት። ከፊት ለፊቱ ቆመች፣ እጇን አጣምራ።

"ጋሼ፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎ። ሬሳው ቤተክርስቲያን ደጃፍ ብዙ ቆየ። ይመጡ እንደሆን ብዬ እኔ ነኝ ያቆየሁት። ሰምተው ነበር?"

ሊካሳ አፈሩን አየ። ለዚህ ጥያቄ የተዘጋጀ መልስ አለ፤ ሁሉም ሰው የሚቀበለው፣ ማንንም የማያሳፍር።

የሻረግ ቀደመች። "አልሰማም! እኛ ነን የደበቅነው፣ ወርቅዬ። ሰርግ ስለነበረብን። እኔ ነኝ፤ በኔ ይሁን።"

"ሰምቼ ነበር" አለ ኃይለገብርኤል።

የሻረግ ወደ እሱ ዞረች።

"ቅዳሜ ረፋድ ላይ ተነገረኝ። ብነሳ እደርስ ነበር። መኪናም ነበረኝ። አልተነሳሁም።"

ወርቅያንጥፉ ለረጅም ጊዜ አየችው። ንፋሱ የመቃብሩን የወረቀት ጉንጉን ያንኮሻኩሻል። ኃይለገብርኤል ትቆጣለች ብሎ ቆሞ ጠበቃት፤ እጆቹን እንኳ ከጋቢው አውጥቷል።

"የልጅ ነገር ነው" አለች በመጨረሻ። ይቅር እንዳለችው፣ እንዳላለችው፣ ከድምጿ አይታወቅም። "ምሳ ቀርቧል፣ ግቡ።" ቀድማቸው ሄደች።

ሲመለሱ ኃይለገብርኤል ገና ሸኖ ሳይደርሱ መስታወቱን ተደግፎ ተኛ። አፉን ከፍቶ፣ ከብዙ ጊዜ በኋላ የተኛ ሰው እንቅልፍ። ሰንዳፋን ሲያልፉ ነው የሻረግ ከኋላ የተናገረችው።

"አንተ ነህ።"

"አዎ።"

"ወንበር ልታመጡ የሄዳችሁ ጊዜ።"

"አዎ።"

"ሲጨፍር ያውቅ ነበር።"

"ያውቅ ነበር።"

"እኔ እኮ ትከሻውን እያየሁ ተመስገን እል ነበር። አልጠረጠረም፣ ደስ ብሎታል እያልኩ።" ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ ቆየች፤ ስታነሳው ድምጿ ደረቅ ነበር። "ብትነግረኝ ምን ነበረበት? ሁለታችን ብንይዘው?"

"እንዳትናገር አለኝ።"

"አንተ ደግሞ የተባልከውን ታደርጋለህ።"

"አዎ።"

አንድ ሲኖትራክ አለፋቸው። ሊካሳ ጥጉን ይዞ አሳለፈው።

"እንግዲያው እኔም ልበልህ" አለች። "እናቴ አንኮበር አሉ፣ አርጅተዋል። የሳቸው ሲመጣ እንደሱ እንዳታደርገኝ። መኪና ውስጥ፣ መንገድ ላይ፣ ብቻዬን አትንገረኝ። ሰው ይሰብሰብ። በጠዋት ይሁን። በሩ ይንኳኳ፣ እኔ ከፍቼ ሁላችሁንም ልያችሁ።"

"ማን ማን ይምጣ?"

አሰበች። "ጋሽ መሐመድአሚን። አዚዛ። የረውዳ እናት። ገብረመስቀል ከነሚስቱ። አንተም።"

ሊካሳ በሐሳቡ በሩ ላይ አቆማቸው። "አዚዛ ገላን ናት" አለ። "ገብረመስቀል አራብሳ ነው። የረውዳ እናት በቀደም እንደገና ቤት ቀየረች አሉ፣ ወዴት እንደሆነ አላውቅም። እነሱ በታክሲ ተሰብስበው እስኪመጡ ፀሐይ ይወጣል።"

"ይውጣ" አለች የሻረግ።